ሰሙ ሲወፍር

ከቆላ ወጥታ ነው፣ ሌሊቱን ተጉዛ፣
ቢምረውን አዝላ፣ ካርዷን በጥርስ ይዛ፤
ቡሬ ሆስፒታል፣ ከመስኮቴ ፊት
አትጠገብ ቆመች፣ ገና በጠዋት።

«በሰኔ ከስቶ፣ በነሐሴ ሲወፍር
እሰይ ብዬ ነበር።
ጎረቤት መጥቶ ‹ፋፋልሽ› ቢለኝ
ደስ አለኝ፤
ከዓይን ያውጣህ ብዬ ክታብ ባስርለት
ሳምንት አልቆየም ክሩ ሲጠብበት።
ፀጉሩም ቀላብኝ እንደ በቆሎ ጺም፤
ይወፍራል እንጂ፣ ልጄ አይጫወትም።»

በአውራ ጣቴ ጫን አልኩት፣ ከቁርጭምጭሚቱ በላይ፤
ጣቴ ሲነሣ ጎድጉዶ ቀረ፣
ማኅተም እንዳረፈበት ሰም።
አላለቀሰም።

ደሙን ቀዳሁ። ማሽኑ ጥቂት አጉረመረመ፣
ከወረቀቱ ላይ ቁጥር ታተመ፤
አልቡሚን፣ አንድ ነጥብ ዘጠኝ።
ሦስት ተኩል መሆን ነበረበት፣ ቢያንስ።
ሐኪሙ ከሥሩ በሚሮጥ እጁ
ረጅም ቃል ጻፈ፤ ሃይፖፕሮቲኒሚያ።
እሷም ወረቀቱን ወደ እኔ መለሰችው፦
«ይኼ ምን ይላል? አንተ የተማርከው?»

የተማርኩትማ ደብረ ኤልያስ ነው፤
ላቦራቶሪ ሳልገባ፣ ነጭ ጋወን ሳልለብስ፣
ግስ ስገስስ፣
ቁራሽ ስለምን፣ ከውሻ ስታገል።
ቃል ሲያስቸግረኝ ዛሬም ልማዴ ነው፣ እንደ እሸት መፈልፈል፤
«ሃይፖ» ዝቅ ያለ፣ ከልኩ የወረደ፤
መካከሉ ፕሮቲን፤
መድረሻው ደም።
ሲገጣጠም፦ ከደም ውስጥ ፕሮቲን ጎደለ።
ያ ነው ሰሙ።
ወርቁስ?

«እርከን ታውቂያለሽ አይደል?» አልኳት፣
«ውሃ የሚያቆም፣ አፈሩን የሚያቅፍ ከገደል?
ደማችንም ውስጥ እንዲሁ እርከን አለ፤
እሱ የፈረሰ ለት
ውሃው አምልጦ ይወርዳል ወደ ቆላ፣
ወደ እግር፣ ወደ ሆድ፣ ወደ ዓይን ሽፋን ኋላ።
ልጅሽ አልወፈረም፤ ውሃ ነው የተኛበት።»

ደግሞም ቃሉ እንዳያታልላት ብዬ፦
«የበሽታ ስም አይደለም፣ የምልክት ነው።
ኩላሊት ያፈሰሰው ይሆናል በሽንቱ፣
ጉበት ያልሠራው፣ ወይ ያልመጠጠው አንጀቱ፤
ቃሉ ‹ጎደለ› ይላል፤
ማን እንዳጎደለው አይናገርም።
ባለቤት የሌለው ግስ ነው።»

ሽንቱን ግን መርምሬዋለሁ፤ ንጹሕ ነው።
ጡት ከጣለ ወዲህ ቂጣና ንፍሮ ብቻ፣
የበቆሎ ቂጣ፣ የበቆሎ ንፍሮ።
ባለቤቱንስ ከልጅነቴ አውቀዋለሁ።

ኅሩይ ይባል ነበር፣ የጎጆ ጓደኛዬ።
ክረምት ላይ እግሩ አበጠ፣
ጤፍ እስከ ጉልበት በቆመበት አገር።
«ወፈርክ፣ የት እየበላህ ነው?» እያልን ስንቀልድ
እሱም ይስቅ ነበር፣ ዓይኑ እስኪጨፈን።
መስከረም አልደረሰም።
ስንት ቅኔ ፈትተን፣ እሱን ሳንፈታ ቀረን፤
ሰሙ ሲወፍር ዓይተን
ወርቁን አልጠየቅን።

«ታዲያ ምን ላብላው?» አለች አትጠገብ።
«ዛሬ እዚህ ይተኛል፤ ወተቱን በልክ ይሰጡታል፣
በትንሽ በትንሹ፣ ጎርፉ እስኪሰበሰብ።
ቤት ሲመለስ ባቄላ፣ ሽምብራ፣ ደግሞ እንቁላል።
አልቡሚን የሚሉት ይኼው ራሱ፣
ስሙን ያወጡለት ከእንቁላል ነጭ ነው።»

ዝም አለች።
ከጎኗ ቅርጫት ነበር፣ ጭድ ብቻ የቀረበት።
«ስንት ነበሩ?» አልኳት።
«አሥራ ሁለት።
በር ላይ ሸጥኳቸው፤
ለካርዱ፣ ለደሙ፣ ለዚችው ወረቀት።»

ከዚያ ቃሉን አጠፈችው፣
አራት ጊዜ፣ ቀስ ብላ፣
ከመቀነቷም ጫፍ ቋጠረችው፣
ገንዘቡ ታስሮበት ከነበረው።