ቤት የሳተ አንበጣ

አባቴ ፖዶልያ ባርኔጣ ሰፊ ነው፤
ስንዴን በዳቦ እንጂ በማሳ መች አየው?
መርከቡ ላይ ሁሉም ስለ አዲሱ አገር
ያላየውን መሬት በምላስ ሲሰፍር፣
እሱ ጥግ ተቀምጦ ጣቱን ያይ ነበር።

እኔ ዝላታ ነኝ፤ ዘጠኝ ዓመቴ ነው፤
ዩድል ስድስት ሊሞላ አንድ ወር ነው የቀረው።
ከቤታችን ሁሉ ይዘን የወጣነው
የላባ ፍራሹን፣ መቀሱን፣ ቁልፉን ነው።
ቁልፉ በር የለውም፤ በሩን አቃጠሉት፤
«በር ይገኝለታል፣» አለች እማ፣ «ተዉት።»

ኤንትሬ ሪዮስ ላይ ባቡር ጥሎን ሄደ፤
ሜዳው ማለቂያ የለው፣ ሰማዩ ወረደ።
ዛፍ የለ፣ አጥር የለ፣ የውሻ ድምፅ የለም፤
ዩድል ዞሮ አይቶ፦ «አገሩ አልተሠራም?»

ቤቱን በጭቃ አቆምን፤ ጆንያ ሆነ በሩ፤
ሁለት በሬ ሰጠን፣ በብድር፣ ማኅበሩ።
አባቴ በይዲሽ ለመናቸው፣ ቆሙ፤
መዝሙረ ዳዊትም ደገመ፣ አልሰሙ።
ዶን ኤውላልዮ መጣ በፈረስ ከማዶ፤
ሳቁን ዋጥ አድርጎ፣ ከኮርቻው ወርዶ፣
«ስፓኒሽ ነው፣» አለ፣ «የበሬዎቹ አፍ፣»
ሲያስጠናው ዋለና እስኪደክመው ጅራፍ።

አባቴ በዚህ ቋንቋ ቃል ያገኘው ይህ ነው፦
«ቁም! ተመለስ! ና! ሂድ!» ሌላማ መች አለው?
በነጋታው ደግሞ የባለሱቁን ሚስት
ባርኔጣውን አንሥቶ «ቁም!» አላት በአክብሮት።
እሷም ቆመች።

ለኤውላልዮ ውለታ ባርኔጣ ሰፋለት፣
ሰፊ፣ ጥቁር፣ ዝናብ ጠብ የማይልበት።
ሰውየው ግን ዝናብ ሲመጣ ያወልቀዋል፤
«ይበላሽብኛል» ብሎ በጉያው ይይዘዋል።

ወቅቱ ተገልብጧል። ፋሲካ ሲመጣ
እዚያ በረዶ ቀልጦ ለምለም ሣር ሲወጣ፣
እዚህ ሣሩ ደርቆ ነፋሱ ተቆጣ።
አባቴ መጽሐፉን ገልጦ፣ ቂጣ ቆርሶ፣
«ጸደይ ነው» ሲል፣ ዩድል ሁለት ሹራብ ለብሶ
«መርከብ አመለጠው?» አለ ወደ በር ዞሮ።
አባቴ ዝም ብሎ ጣቱን ወይን ውስጥ ነክሮ
መቅሠፍቱን ጠራ፣ አሥሩን፣ አንድ በአንድ ቆጥሮ።
ስምንተኛው አንበጣ፤ አንድ ጠብታ ከጣቱ፤
ለእኛ ተረት ነበር፣ ሩቅ ነበር ጥንቱ።

ትምህርት ቤት መምህሯ «ቅዝቃዜን ሣሉ» አለች፤
ከዩድል ወረቀት ምንም አላየች፤
«በረዶ ነው» አላት፤ እሷ አታውቀው፣ ሳቀች።

ኅዳር ላይ፣ ስንዴያችን ወርቁን ሲያወጣ፣
ቀትር ላይ መሸብን፤ ዶሮው ቆጥ ላይ ወጣ።
ደመናው ይነክሳል። ደመናው አንበጣ።

ዩድል ሮጦ ወጣ፣ እጁን ዘርግቶ ቆመ፤
«እኛ ፈርዖን አይደለንም!» ጮኸ፣ ደጋገመ፤
«ቤት ተሳስታችኋል! ሌላ ቤት ነው! ሂዱ!
እኛ የወጣነው ነን፤ መጽሐፉ አለ፣ ውሰዱ!»

አንበጣ አያነብም።

ድስትና ባልዲውን፣ ቆርቆሮውን መታን፤
ጩኸት አጥር ቢሆን ያን ቀን አጥረን ባደርን።
እኔ በእማ ቁልፍ ባልዲ ስቀጠቅጥ፣
ሲሪያካ ከማዶ ደረሰች ስትሮጥ፤
አባቷ ፈረሱን የእርሻችን ዳር ጥሎ
ድስት ይዞ ገባ «በሉ፣ በሉ!» ብሎ።
አባቴም ተቆጥቶ በዚያችው ቋንቋው
«ተመለስ! ሂድ! ቁም!» አለ፤ አንበጣው አልሰማው።

እማ መቀስ አነሣች፤ የላባ ፍራሹን
ከዳር እስከ ዳሩ ቀደደችው ሆዱን።
ላባው በንኖ ወጥቶ በነፋስ ሲታመስ፣
በጨርቁ ድንቹን አለበሰች፣ እኛን እንደምታለብስ።
በረዶ በኅዳር! ላባና አንበጣ
ተቀላቅሎ ዘነበ፤ ዩድል ምላሱን አወጣ፣
እንደ ድሮው ሊቀምስ።

አመሻሽ ላይ ሄዱ፤ ስንዴው አገዳ የለው፤
የቀረን ድንች ነው፣ ያውም ሁለት ትልም ነው።
ቁልፉም ጎብጦ ቀረ፣ እንደ ቀንድ፣ በእጄ ላይ፤
«ለጠማማ በር ነዋ!» አለች እማ ስታይ።

በዓመቱ ፋሲካ እንግዳ አለን ማታ፤
ባርኔጣው በጉልበቱ፣ ከልጁ ጋር በተርታ።
አባቴ ሲቆጥር፣ ስምንት ላይ ሲደርስ፣
ድምፁ ጠፋ፤ ጣቱ ቆየ ሳይመለስ።
ዩድል ድንቹን ይዞ እጅጌውን ነካ፤
«አባ፣ የፈርዖን አገር ልጆችም ለካ
ባልዲ መትተው ነበር?»

ማንም አልመለሰ።
አባቴ ጣቱን ነክሮ ሁለት ጠብታ አፈሰሰ።