ቁጥር ዐሥራ አራት

ሞንቴቤሉና ላይ፣ ከፋብሪካው ደርብ፣
ኦርኔላ ግድግዳው ላይ ቀይ ክር ስትስብ
አየኋት በማለዳ፣ ስፒል ነክሳ በጥርሷ፤
ግማሽ አውሮፓን ነው የወጠረችው እሷ።

ጠረጴዛው ላይ ነው ብርቱካኑ ጃኬት፤
የዚፑን ባለቤት ደረስንበት ትናንት፤
ጨርቁ ከኮሞ ነው፣ ማቅለሚያውም ታውቋል፣
ውኃ እንዳያስገባ የሚቀቡት ነገር ግን ስሙን ይደብቃል።

ላባውስ?
ላባው ከነጋዴ፣ እሱም ከነጋዴ፤
የሃንጋሪው ሰውዬ፦ «ዝዩን ስምህ ማነው ልበለው እንዴ!»
ብሎ ስልኩን ዘጋ።
ኦርኔላ ዝም ብላ የጥያቄ ምልክት ሰካች።

ካርታው ሰፋ ሰፋ እያለ ግድግዳው ጠበበ፤
ማን እንደ ሰፋው ግን ማንም አላሰበ።
እጄን ከኪሱ ብከት፣ እንዲያው ልማድ ሆኖ፣
ወጣች ብጣሽ ወረቀት፣ ቀለሟ መንምኖ፦
«ቁጥር ዐሥራ አራት»።
ይኸው ነው። ፊርማ የለው፣ አገር የለው፣ ቤት።

በኅዳር ተነሣን፣ ሩማንያ ድረስ፣
ከክሉዥ ወዲያ ነው፣ መንገዱ ሲታደስ ሲፈርስ።
የድሮ ወተት ፋብሪካ፤ ስልሳ የስፌት መኪና ያጉረመርማል፤
ዐሥራ አራተኛው ጥግ ላይ ነው፣ አምፖሉ ብልጭ ድርግም ይላል።
ቪዮሪካ ትባላለች። የመነጽሯ እጀታ በክር ታስሯል።
ወንበሯ መደገፊያ የለው፤ ቀና ስትል ወገቧ ይሰማል።

«ይሞቃል?» አለችኝ ዳብሳ እጅጌውን፤
«አንድም ቀን ለብሼ አላየሁ የሰፋሁትን።»
ኦርኔላ ደስ ብሏት፦ «ስምሽን እንጽፋለን!
በቁጥርሽ ምትክ ከኪሱ እንሰፋለን!»

ሳቀች፣ የጥርሷን ሳቅ።
«ስሜ ጌጥ አይደለም። ሰዓቴን ቁጠሩልኝ፤
ካሥራ አንድ ሰዓት ወዲያ የሰፋሁትንም ክፈሉኝ፤
ወንበር ብትሰጡኝ፣ ካምፖል ጋር፣ ባለ ጀርባ፣
ለኔ ይሻለኛል ከዚህ ሁሉ አበባ።»

ተመለስን። አለቃው ሒሳቡን አይቶ ጮኸ፦
«ዘጠኝ ዩሮ ጭማሪ! ማን ይገዛናል?»
«ዘጠኙን ዩሮማ» አለች ኦርኔላ፣ ስፒሏን ከጥርሷ አውጥታ፣
«እስከ ዛሬም ነበረ። እሷ ናት ስትከፍል የኖረች።»

ወንበሩ ሄዷል። አምፖሉም። ደመወዙን ገና እየተሟገትን ነው፤
መርዙን ለውጠናል፤ አዲሱ ቅብ ዝናብ ትንሽ ያስገባል፣ እውነቱ ይኸው ነው።
የላባው ጥያቄ ግድግዳው ላይ አለ፣
ቀዩ ክር ከሥሩ እንደተንጠለጠለ።