ሰሙ ሒሳብ

ፍኖተ ሰላም ላይ፣ ከመናኸሪያው ጀርባ፣
ባለጉዳይ ጭቃውን አራግፎ ሲገባ፣
አባዬ ይጽፋል፤ ገጹን በአምስት ብር፤
«አመልካች»፣ «ተጠሪ»፣ የድንበር ክርክር።
ኮምፒውተሩ ቀን ቀን ለአቤቱታ ያድራል፤
ሌሊት፣ እሱ ሲያንኮራፋ፣ ለእኛ ይገብራል፤
ከመጋረጃው ኋላ ለምንተኛ ለሁለት፣
ለእኔና ለፈንታነሽ፣ የሌባ እግር ላለን ሌሊት።

ሒሳብ ማሽኑን ግን ያመጣው አጎቴ ልየው ነው፤
ማርቆስ ካለ ህንዳዊ መምህር የወረሰው።
ግራፍ የሚሥል ነው፤ ጀርባው በፕላስተር የታሰረ፣
«ሎግ» የሚለው ቁልፉ ድዱ ብቻ የቀረ።
«ፈንታነሽ ትማርበት» አለና ሰጣት፤
እሷ ግን አንዲት ቁልፍ ዐይኗን ወሰደችባት፦
ፕሮግራም ትላለች። ከዚያ ቀን ጀምሮ
ፓራቦላው ቀረ፣ ወረቀት ላይ ታስሮ።

የቸገረን ገመድ።
ባሕር ዳር ጠየቅን፤ «እንዲህ ያለ የለም።»
ማርቆስም ጠየቅን፤ ስሙን ሰምተው አያውቁም።
ደምመላሽ፣ ሞባይል ሠሪው፣ ሦስት ቀን አስቦ፣
የጆሮ ማዳመጫ ቆርጦ፣ ሽቦ ከሽቦ ስቦ፣
ሁለት ዳዮድ በየደ። ዋጋውን ስንጠይቀው፣
«ከሠራ ትከፍላላችሁ፤ ካልሠራ አላውቃችሁም» ነው።
ጨዋታው በፍላሽ መጣ፣ ከሎሚ ከረጢት ጋር፣
በሚኒባስ ረዳት እጅ፣ ከባሕር ዳር።

ሰካነው።
«ጫፉን ጠበቅ አርገህ ያዝ፤ እንዳትነቀንቀው።
ማስነጠስ ቢመጣህ፣ እስከ ነገ ዋጠው።»
አረንጓዴዋ መሥመር ቀስ ብላ ጀመረች፤
የዓባይን ዳገት እንደያዘች ጭነት መኪና አቃሰተች፤
ሠላሳ... ሃምሳ ሁለት... ሰባ አንድ ከመቶ...
ድርግም።
ከተማው ጨለመ፣ በሙሉ መብራት አጥቶ።

ሦስት ሌሊት ሙሉ፣ ሰባ አንድ ላይ ሲደርስ
ይሄድብን ነበር። በአራተኛው ግን፣ ቀስ፣
ቀስ... ሰባ ሁለት። እጄ ዝሎ ደነዘዘ።
መቶ። ግራጫው መስኮት ላይ አንድ ነጥብ ተጓዘ።
እባብ ነው። ፍሬ ለቅሞ በዋጠ ቁጥር ይረዝማል፤
የገዛ ጅራቱን ከነከሰ ግን ይሞታል።

እህቴ ሰማንያ አራት፣ እኔ ስልሳ አንድ ነበርኩ፤
አንድ ጠዋት ማሽኑን ስከፍት ደነገጥኩ፦
ሁለት መቶ አሥራ ሁለት!
እኔ አይደለሁም። እሷም «አይደለሁም» አለች።
እማዬ ለቅሶ ሄዳ ቡሬ ሰንብታለች።

ያን ሰሞን የአባዬ ዐይኑ ቀልቶ ይነጋል፤
ከሪሞቱ ሆድ ባትሪ ማታ ማታ ይጠፋል።
አንድ ገበሬ ደግሞ ያስጻፈውን ይዞ መጣ፤
«ጌታው፣ ይቺ ቃል ምንድን ነች?» ብሎ ከብብቱ አወጣ፤
«ተከሳሽ ድንበሬን ገፍቶ» በሚለው ፋንታ፣
«ተከሳሽ ጅራቴን ነክሶ» ይላል አቤቱታ።
አባዬ አልሣቀም። አረመው። ሰውዬውን ሸኘና፣
በልጅነቱ ጥቂት ቅኔ ቤት ከርሞ ነበርና፣
«ሰሙ ሒሳብ ነው» አለ፣ መነጽሩን ጠረገና።
ወርቁን አልነገረንም።

ፈተናው ደረሰ። በሩ ላይ ተነገረ፦
«ሒሳብ ማሽን አይገባም!» ያ ሁሉ ነገር ቀረ።
ፈንታነሽ ድዳሙን ለእኔ አቀብላኝ ገባች፣
በእጇ እየደመረች፣ በእጇ እየቀነሰች።
ኅዳር ላይ አርባ ምንጭ ሄደች።

ከመሳቢያ አወጣሁት፤ ባትሪው ዝጎ አልቋል።
ቀይሬ ስከፍተው ሆዱ ወና ሆኗል፤
እባቡ የለ፣ ሪከርዱ የለ።
ለአባዬ አልነገርኩትም። እሱም ምንም አላለ።

በማግሥቱ ግን፣ ኪቦርዱ ላይ፣ አራት አዲስ ባትሪ፤
ከሥራቸው አንድ ወረቀት፦ «አመልካች፣ አባት። ልጅ፣ ተጠሪ።
ጉዳዩ፦ እባቡ ወደ ነበረበት እንዲመለስልኝ ስለመጠየቅ።
የሰው ምስክር የለኝም፤ ሪሞቱ ይጠየቅ።»

ገመዱን ፈለግሁ፣ ጫፉን አቅንቼ ሰካሁ።
ሠላሳ... ሃምሳ ሁለት...
ከመጋረጃው ኋላ ሳሉን ያፈነ ሰው ሰማሁ።
ሰባ።
ሰባ አንድ።