የተጠቀለለ ቢላ

የጦሳ ጉም ወርዶ መስኮቱን ሸፍኖ፣
የደሴ ቆርቆሮ ከዓይኔ ተከድኖ፣
እኔ አንድ ዓይኔን ጨፍኜ፣
ማይክሮስኮፑ ላይ፣ በቁልፍ ቀዳዳ እንደሚያይ ሌባ ሆኜ፣
ቁራሽ ጨጓራ አያለሁ፤
ከምስር ፍሬ ያነሰች፣ በሰም ጠንክራ የተላገች፣
ሐምራዊና ሮዝ ጠጥታ መስታወት ላይ የተዘረጋች።

ስም፣ ይመር አሊጋዝ። ዕድሜ፣ ሃምሳ ስምንት።
አድራሻ፣ ሰኞ ገበያ። ሥራ፣ ቢላ መሳል።
ሕመም፣ «ሌሊት ሌሊት እንደ ፍም እሳት
ያቃጥለኛል» ይላል።

አውቀዋለሁ።
የብስክሌት ፔዳል እየረገጠ፣
ብረትን ከድንጋይ እያፋጠጠ፣
ብልጭታው ጉልበቱ ላይ ሲረግፍ የሚውል።
የሳለውን ቢላ ራቁቱን ለሰው ሰጥቶ አያውቅም፤
በጋዜጣ ጠቅልሎ፣ በሲባጎ አስሮ፣
«እቤትሽ ስትደርሺ ፍቺው» ይላል፣ እንደ አደራ ቆጥሮ፤
«ስለት መንገድ ላይ ዓይኑን ከገለጠው
መጀመሪያ የሚቆርጠው
የተሸከመውን እጅ ነው።»

ይኸው ከመስታወቱ ሥር የዚያው ሰው ሙያ!
ከእጢው ግርጌ ተደርድረው፣ ሐምራዊ ለብሰው፣
ዋና ሕዋሳት የምንላቸው አንጥረኞች ናቸው።
ፔፕሲን ይሠራሉ፣ ሥጋ የሚበልት፣
ግን ከእጃቸው አይወጣም ሰገባ የሌለው ስለት፤
ፔፕሲኖጅን ብለው፣ አስተኝተው፣ ጠቅልለው፣
እንደ ይመር ቢላ ይልኩታል አስረው።
ከፍ ብለው ደግሞ ሮዝ ሮዝ የሚሉ፣
የተጠበሰ እንቁላል የመሰሉ፣
አሲድ አመንጪዎቹ ተራቸውን ይጠብቃሉ።
አሲዱ ሲመጣ ነው ሲባጎው የሚፈታ፣
እቤት ሲደርስ፣ ከእህሉ ቦታ።

ግድግዳውስ? እሱም ሥጋ አይደል?
ይቅርታ፣ ግጥም ውስጥ ለማይገባው ቃል፤
ንፍጥ ነው ጨጓራን ከራሱ የሚከልል።
ንፍጡን የሚያመነጩት ሕዋሳት
ዕድሜያቸው ከሰኞ እስከ ሰኞ አይደርስም፤
ይረግፋሉ፣ ይተካሉ፣ ማንም ለቅሶ አይደርስም።

ኮሪደሩ ላይ ሚስቱ ጦይባ፣ የጧት ወንበሯን ሳትለቅ፣
ሳልጠይቃት ነገረችኝ፣ ድምጿ ሳይጎላ ሳይደቅ፦
«ከወንድሙ ከአራጋው ጋር ከተኳረፉ ዘጠኝ ዓመታቸው፤
ገበያው ውስጥ ሃያ እርምጃ ነው መሃላቸው።
ያ ጫማ ይሰፋል፣ ይሄ ቢላ ይስላል፤
ምንድን ነው ነገሩ ስለው፣ ሆድ ይፍጀው ይላል።»

ሆድ ይፍጀው!
አባባሉን ያወጣው ሰው ጨጓራን አያውቅም፤
ሆድ ጅማት ይፈጃል፣ ቃል ሲሰጡት ግን አያደቅም።
ለሥጋ ኤንዛይም አለ፣ ለቂጣ አለ፣ ለወተት አለ፤
ለአንድ ክፉ ቃል ግን በየትኛው እጢ የተሠራ አለ?
እና ይቀመጣል፣ እንደታሰረ፣ ሳይፈታ፣
ከሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ጎን የሚወጋ
በጋዜጣ የተጠቀለለ ዝምታ።

አይደለም። ይሄ የእኔ ቅዠት ነው።
ሳይንሱ መስታወቱ ላይ ያለው ነው፦
ጠመዝማዛ ባክቴሪያ፣ ንፍጡ ውስጥ እንደ ሰረዝ የተበተነ።
ካንሰር የለም። እጽፋለሁ፣ እፈርማለሁ። ስንቱ ከዚህ ዳነ!

ከሰዓት መጣ። ጣቶቹ ላይ የብረት ጥላሸት፤
«ምን አየሽ ሆዴ ውስጥ?» አለኝ፣ ዓይኑን ጥሎ መሬት።
«የእርስዎኑ ሙያ» አልኩት። «ስለት ጠቅላዮች።
ግድግዳው ግን ጥቂት ተሸርፏል፤
አብሽር ጋሽ ይመር፣ መድኃኒት አለው፣ ይድናል።»

ሳቀ። ወረቀቱን ለአራት አጠፈው፣
ከኪሱ የጋዜጣ ብጣሽ አውጥቶ ዙሪያውን ለበጠው፣
በሲባጎ አሰረው።
«አያነቡትም?»
«ሰኞ» አለኝ።
በሩ ላይ ደርሶ፣ ወደ ሚስቱ ሳያይ፣
«አራጋው ፊደል ያውቃል።»