ኤግዚቢት ቁጥር ሦስት

ጠዋት ነው በደሴ፤ ጉም ከጦሳ ወርዶ
በፍርድ ቤቱ በረንዳ፣ ደጅ መጥናት ለምዶ፣
ከእኛ ጋር ቆሟል።

እኔ የዐቃቤ ሕግ ሁለተኛ ምስክር ነኝ፤
ሉባባ ይማም፣ ሒሳብ ሹም፣ ከኮምቦልቻ፣
የሚስማር ፋብሪካ፣ አሥራ አንድ ዓመት ብቻ።
ማይ ተባልኩ፣ ማልኩ።

ጠረጴዛው ላይ፣ በላስቲክ ከረጢት፣
የጎማ ማኅተም አለ፤ እጀታው የላላ፣
እኔው በሹራብ ክር ያሰርኩለት ኋላ።
አሁን ግን ስሙ ሌላ፦
ኤግዚቢት ቁጥር ሦስት።

አደም ሙህየና ደምሌ አራጋው
ሲነሱ አንድ ማሽን ብቻ ነው ያላቸው።
ሽቦ በዚህ ገብቶ ሚስማር በዚያ ሲዘንም
ቆመው ሲያዩት ይውላሉ፣ ምሳ አይሉም።
ቃለ ጉባኤ ልያዝ ብዬ እስክሪብቶ ሳነሳ
"ተይው እንጂ ሉባባ፣
ለወንድማማች ወረቀት ምን ሊረባ?"

አንድ ሌሊት ሐረጎ፣ ከጠመዝማዛው መንገድ፣
ጎማ ፈንድቶ ቆመን፣ ብርድ አጥንት ድረስ ሲሄድ፣
አደም ለደምሌ፦ "ባንኩ ቤትህን ሳይሸጥ
ከካዝናው ውሰድ፤
በኋላ እንተሳሰባለን" ሲል ሰማሁ።
ሰማሁ እንጂ አልጻፍኩም።

ያ "በኋላ" የመጣው
ጦርነቱ መጋዘናችንን ጠርጎ ካለፈ ወዲያ ነው።
ሰው ሲያጣ ቆጣሪ ይሆናል።
የተረፈው ሽቦ ቢቆጠር አንድ ጥቅል፣
የተረፈው ቃል ግን መጋዘን ይሞላል።
አደም ሒሳብ ጠየቀ፤
ደምሌ ማኅተሙን ኪሱ ከቶ ሄደ፤
አደም በዚያው ንዴቱ ጣቢያ ወረደ።
"ላስፈራራው ብዬ ነው" ይለኛል ዛሬ፣ "ሁለት ቀን ቢያድር
ይመልሰዋል ብዬ ነበር።"

ጣቢያው ግን ለማስፈራራት የሚሆን ቅጽ የለውም።
ያለው፦ እምነት ማጉደል፤ ሐሰተኛ ሰነድ።
ሐረጎ ላይ "ውሰድ" የነበረው ቃል
ጣቢያ ሲደርስ "ወሰደ" ተብሏል።
ያው ሦስት ፊደል ነው።
ጫፍና ጫፉ ላይ ትንሽ ነገር ረግፎ
ትእዛዙ ወንጀል ሆነ፣ መዝገብ ላይ ሰፍሮ።

አባጋር ተጠሩ፤ ከቦርከና ማዶ መጡ፣
ዱአ አድርገው በሁለቱ መሃል ተቀመጡ።
ታረቁ። አደም አለቀሰ።
ደምሌ "ማኅተሙን ልመልስ" አለ፤
ማኅተሙ ግን ፖሊስ ጋ አለ።

በማግስቱ አደም ሮጠ፦ "ክሴን አንስቻለሁ፣ ተውት።"
ዐቃቤ ሕጓ ወጣት ናት፣ ክፋት የሌላት፤
ሻይዋን አስቀምጣ፦
"ጋሼ፣ ክሱ እኮ የእርስዎ አይደለም፣ የመንግሥት ነው።
እርስዎ ምስክር ነዎት። አንደኛ ምስክር።"
ወጥቶ ደረጃው ላይ ቁጭ አለ፤
ያባረረው ውሻ ሳይሆን
የለቀቀው ውሻ እንደጠፋበት ሰው።

ከዚያ ወዲህ ማታ ማታ
በፌስታል ሩዝ ቋጥሮ ማረፊያ ቤት ይሄዳል።
የመጀመሪያ ቀን ዘበኛው "ምኑ ነህ?" ቢለው
"ከሳሹ" ማለት አፈረ፤
"ወንድሙ" እንዳይል የአባት ስም ይጠየቃል፤
ቆይቶ፣ ቆይቶ፣ "ሸሪኩ" አለ።
ዘበኛው ሩዙን በማንኪያ ፈትሾ አስገባለት።

አሁን ዳኛው ይጠይቃሉ፦ "ማኅተሙን ታውቂዋለሽ?"
"አውቀዋለሁ፣ ክሩ የእኔ ነው።"
ጠበቃው ይነሳል፦ "ሐረጎ ላይ ምን ሰማሽ?"
ደምሌ ጫማውን ያያል። አደም እኔን ያያል።
አሥራ አንድ ዓመት ያልተያዘው ቃለ ጉባኤ
ዛሬ፣ በሰው ፊት፣ ሊጻፍ ነው።
ቃሉን ተናገርኩ።
ኮምፒውተሩ ላይ የተቀመጠችው ልጅ
ጣቶቿን አንስታ፣ ቀና ብላ፦
"በ'ው' ነው፣ በ'ወ'?" አለችኝ።