የሩቂያ አንሶላ

ደቻቱ ደርቆ፣ አሸዋው የጫማ ሶል በሚያስለቅቅበት ቀትር
የአሥራ አንድ ደቂቃ ፊልም ልንሠራ ወረድን፤
ካሜራው በኪራይ፣ ባትሪው በልመና፣
አንሶላው ከሩቂያ፣
"ታጥቦ ይመለስ" ተብለን።
(ስለ ወንዙ አታወራም። ስለ አንሶላው ብቻ።)

ኢፍቱ ወንዝ ሣለችበት።
ቀለሙ ከባጃጅ ጋራዥ የተረፈ ሰማያዊ፣
ብሩሹ ያረጀ መጥረጊያ፤
በጉልበቷ እየዳኸች ከዳር እስከ ዳር።
ሁለት ፍየሎች መጥተው ጫፉን አሸተቱ፣
አንደኛዋ ላሰችው።
"ይሄ ይግባ!" አለ ናስር ከካሜራው ጀርባ፤
ገባ።

ሙዚቃው የሮብሌ ነው፤
ሠላሳ ዓመት በባቡር ወርክሾፕ ብረት ሲያዳምጥ የኖረ።
ቁራጭ ሐዲድ በገመድ አንጠልጥሎ
በመፍቻ መታ፤
አንዴ። ዝም። ሁለቴ።
ድምፁ ከከዚራ ጥላ እስከ መጋላ ቆርቆሮ ደርሶ
ሳይቸኩል ተመለሰ፣
እንደ ድሮው ባቡር።
(ስሙ በእናቱ ቋንቋ ባለዝናብ ማለት ነው፤
ከጡረታው ግን ጠብ ያለለት የለም።)

እኔ ግጥም ይዤ መጣሁ፣ አርባ ስንኝ።
"ይረዝማል" አሉኝ፤ ሃያ አደረግሁት።
"ወንዙን አታስረዳ፣ ይታያል" አለች ኢፍቱ፤
አሥር።
"ሐዲዱ ሲናገር አንተ ዝም" አለ ሮብሌ፤
አራት።
የተረፈችኝ አንዲት ናት፦
*ወንዝ ሆይ፣ ስትመጣ አንኳኳ።*

ማታ ያንኑ አንሶላ በሁለት ምሰሶ ወጥረን
ፊልሙን በገዛ ሥዕሉ ላይ አበራነው፤
ወንዝ በወንዝ ላይ፣ ፍየል በውኃ ላይ።
ቃሚዎቹ ከነምርቃናቸው ወረዱ፣
ልጆች ጥላቸውን ፊልሙ ውስጥ ሊያስገቡ ተጋፉ።
ዘጠነኛው ደቂቃ ላይ
በደንገጎ በኩል ሰማዩ አጉረመረመ፤
ሮብሌ መስሎን አጨበጨብን።

ስልክ ጮኸ፦ "ላይ ዘንቧል! ውጡ!"
ፕሮጀክተሩን ናስር፣ ሐዲዱን ሮብሌና ሁለት ጎረምሳ፣
አንሶላውን ሩቂያ፣
ማንም ሳይነግራት፣ ከሁሉም ቀድማ።
ውኃው መጣ።
አላንኳኳም።

በነጋታው ሳሙና ይዤ ሄድሁ፤ ቃል ቃል ነው።
ሁለቴ አጥባዋለች፣ ሰማያዊው አልለቀቀም፤
ግቢዋ ገመድ ላይ ተሰጥቷል፣
ነፋስ ሲገባበት ወንዙ እስከ አጥሩ ይሄዳል፣ ይመለሳል።
"ያቺን ቃልህን ድገማት" አለችኝ።
ደገምሁላት።
የሳፋውን ቂጥ በጣቷ መታች፤
አንዴ። ዝም።
ሁለተኛውን ጠበቅሁ።

"አንሶላ ግን" አለች፣ "አዲስ ታመጣለህ።"