አሥራ አንድ ደቂቃ

ዊኒፔግ መሀል ከተማ፣ ካፖርት ይሰፋበት በነበረ ፎቅ፣
ሦስተኛው ወለል ላይ፣ ወንበር ሰጥተውኛል እንድጠብቅ።
ወርቅ አይደለም የምጠብቀው፤ የንጉሥ አክሊልም አይደለም፤
አንዲት ሴት ግድግዳው ላይ አንሶላ ታጥፋለች፤ ሌላ የለም።

ስሟ ዶሪን ፍሪሰን ነው፤ በሩ ጥግ ተለጥፏል ወረቀት፦
ቪዲዮ፣ አሥራ አንድ ደቂቃ፣ የሠሪዋ መኝታ ቤት።
አንሶላው ባለላስቲክ ነው፣ ጥግ ጥጉ የተኮማተረ፤
ማን አለ በንዴት ጠቅልሎ፣ ቁምሳጥን ውስጥ ያልወረወረ?

አንዱን ጥግ ቀኝ እጇ ላይ እንደ ጓንት ታጠልቃለች፤
ሁለተኛውን ደርባ፣ ሦስተኛውን ትፈልጋለች፤
አራት ደቂቃ ከሃያ ሲል፣ ግራ አውራ ጣቷን ያዳልጣታል፤
ጨርቁ እግሯ ሥር ይወድቃል።
አትቆጣም። አትስቅም። ቀና ብላ አታይም።
ከሀ ትጀምራለች፤ ለምን ብሎ የሚጠይቅ የለም።

ሰው ይመጣል፤ የጫማውን በረዶ ምንጣፉ ላይ ያራግፋል፤
«ይሄማ እኛም ቤት አለ» ብሎ፣ ወደ ሥዕሎቹ ያልፋል።
አንድ ሽማግሌ ብቻ፣ ባርኔጣውን ደረቱ ላይ ይዞ፣
ሦስት ዙር አየ እንደቆመ፣ በአንድ እጁ ተመርኩዞ።
ሊወጣ ሲል ጠጋ አለኝና፣ «ሚስቴ» አለኝ፣ «አራተኛውን ጫፍ
በጥርሷ ነበር የምትይዘው፣ ስታጣጥፍ»።
ሌላ አልጨመረም።

እኔ ግን አላልፍም። ደሞዜ የሚከፈለኝ ለመቆም ነው፤
በቀን ሠላሳ ሁለት ጊዜ፣ ከኅዳር ጀምሮ፣ የማየው እሱኑ ነው።
ግድግዳዋ ላይ ስንጥቅ አለ፤ ከአልጋው ሥር ነጠላ ካልሲ ቀርቷል፤
ስድስተኛው ደቂቃ ላይ፣ ከወጥ ቤት በኩል አንድ ሰው ያስላል።
ማን እንደሆነ አይታይም።
እጇ ግን ለቅጽበት ይቆማል፤
ከዚያ ይቀጥላል።

የካቲት ሊያልቅ ሲል፣ ራሷ መጣች አንድ ሐሙስ፣
የመነጽሯን ጉም በሻርፗ ጫፍ ስታብስ።
ጸጉሯ ከቪዲዮው ይልቅ ነጥቷል፤ ቁመቷም ያጠረ መሰለኝ፤
ስለ አውራ ጣቷ ልጠይቅ ብዬ፣ ስለ ሳሉ አመለጠኝ።
«የቱ ሳል?» አለች።
«ስቆራርጠው እኮ ድምፁን ዘግቼ ነበር» አለች።
ድምፁን ጨመርኩላት። ጠበቅን። አሳለ።
ግድግዳው ላይ እጇ ቆመ፤ ኮቷ ኪስ ውስጥ ያለውም እጇ ዝም አለ።
«ለካ ቤት ነበር ያን ቀን» አለች፣ ለእኔ ሳይሆን ለግድግዳው፤
ሻርፗን ወንበሬ ላይ ረስታ ወጣች፣ ወደ ብርዱ፣ ወደ ጎዳናው።

ማታ ምድር ቤት ወርጄ፣ አንሶላዬን ከማድረቂያው በትኩሱ አወጣሁት፤
አንድ። ሁለት። ሦስተኛው ሲያዳልጠኝ፣ አራተኛውን በጥርሴ ያዝኩት።
ስልኬ ጠራ።
እጄም አፌም ተይዟል፤
ይጥራ።